በሩን የዘጋው ክንድ የእኔ ነው

ይድረስ ለምሳሳልሽ እኅቴ፣ ለእታለም ዘርፈሽዋል ገብረሃና፤
ጉለሌ፣ አዲስ አበባ።

እታለም፣ እንደምን ከርመሽልኛል? ጉንጭሽን እያገላበጥኩ እየሳምኩ ነው የምጽፍልሽ። ያ ክረምት ሲገባ የሚይዝሽ ሳል ዘንድሮ ማረሽ ወይስ ሰኔ ሳይጋመስ ጀመረሽ? እማዬስ ጉልበታቸው እንዴት ሆነላቸው? የላክሁላቸውን ቅባት ይቀቡታል ወይስ ለጎረቤት አካፍለው ጨረሱት? ጋሼ ኃይለመለኮትስ ደህና ናቸው? አሁንም የቀበሌ ስብሰባ ላይ ዓይናቸውን ገልጠው ይተኛሉ? ልጅሽ ሣባስ የፊት ጥርሷ በቀለላት? ይህ ደብዳቤ በፖስታ ሳይሆን አገር በምትገባ ልጅ እጅ ስለሚመጣ በፖስታ የማልደፍረውንም ልጠይቅሽ፤ የወንድማችን የዓባይነህ የብሔራዊ ውትድርና ነገር ከምን ደረሰ? መልሱን ልጅቷ ስትመለስ በቃል ላኪልኝ። ሌት ተቀን የማስበው እሱን ነው፤ ለነገሩ ከእሱ ሌላ አንድ የማስበው ነገር አለ፤ እሱን ነው አሁን የምዘረግፍልሽ።

እኔ እግዚአብሔር ይመስገን አካሌ ደህና ነው። አካሌ ያልኩት አውቄ ነው። ልቤ ግን ከጥር ወር ጀምሮ ደህና አይደለም። ትኩሳት የለውም፣ ሐኪም አያየውም፣ ምግብም አይከለክልም፤ እንዲያውም ብዙ ያስበላል። ቅናት ነው፣ እታለም። ደፍሬ ስሙን ጻፍኩት። ለሌላ ሰው ብነግረው ይታዘበኛል፤ አንቺ ግን ያሳደግሽኝ ነሽና ብትታዘቢኝም ትወጃታለሽ መዓዛን።

ጽጌረዳን ታስታውሻታለሽ? ዩኒቨርሲቲ አብራኝ ቴአትር የተማረችው፣ የተመረቅን ዕለት እኛ ቤት መጥታ የበላችው። እማዬ ያን ቀን «ይህች ልጅ ስትስቅ ቤቱ ሁሉ ይበራል» ያሏት። የገዛ እናቴ! ገና ጋውኔን ሳላወልቅ! የመመረቂያ ቴአትራችን ላይም ንግሥቲቱ እሷ ነበረች፤ እኔ ከኋላዋ ጥላ ይዤ የምከተል ደንገጡር። ሦስት ሰዓት ሙሉ ጥላ ይዤ ቆሜ የሷን ቃል ሁሉ በልቤ እል ነበር፤ አንድም ቃል አልተሳሳትኩም፤ የሰማኝ ግን የለም። አሁን ሁለታችንም ሮማ ነን፤ ዲግሪያችንን በፕላስቲክ ጠቅልለን ሻንጣ ሥር አስቀምጠን ሁለታችንም የሰው ቤት እንሠራለን። እሷ ከዶክተር ቤተሰብ ጋር ነች፤ እኔ ፒያሳ ቪቶሪዮ አጠገብ ከአንዲት አሮጊት ሲኞራ ጋር። ፔርሜሶዬ ላይ፣ ማለትም የመኖሪያ ፈቃዴ ላይ፣ «የቤት ሠራተኛ» የሚል አለ። እኔ ግን እዚያ ቃል ላይ ተጋድሜ ለመተኛት አልመጣሁም። ሲኞራዬ ከሬዲዮዋ ጋር ስትጨቃጨቅ እኔ ጓዳ ገብቼ ድምፄን አሠለጥናለሁ፤ ቁም ሣጥን ስወለውል መስተዋቱ ፊት አለቅሳለሁ፣ እስቃለሁ፣ እሞታለሁ። አንድ ቀን ሲኞራ በበሩ ቀዳዳ አይታኝ «ማኣዛ፣ ሐኪም ልጥራልሽ?» አለችኝ።

የኛ ሰዎች ሐሙስ ከሰዓትና እሑድ ነው ዕረፍታችን፤ ሁላችንም ባቡር ጣቢያው አካባቢ እንሰበሰባለን። እዚያ ኪዳነ የሚባል የአስመራ ሰው አለ፤ አማርኛው ከኔ ይበልጣል፣ ሮማን እንደ ኪሱ ያውቃታል፣ ሥራ የጠፋበትም ቤት የጠፋበትም እሱን ነው የሚጠይቀው። የጥር መባቻ ላይ መጣና «አሎራ፣ እንግዲህ ልጆች፣ ፊልም የሚሠራ ሰው የኛን መልክ ይፈልጋል። ወንድም ሴትም። ሥራው ሰው መሆን ብቻ ነው» አለን። ኮምፓርሳ ይሉታል፤ ከኋላ ቆሞ ሕዝብ መሆን ማለት ነው። ሌሎቹ ሳቁ። እኔ ግን እታለም፣ ልቤ ከበሮ መታ። ጽጌረዳን ዞሬ ሳያት እሷም ዓይኗ በርቷል። ያኔውኑ ማወቅ ነበረብኝ።

ፊልሙ ሙዚቃ ያለበት ቀልድ ነው። ዪዲሽ የሚባል፣ የምሥራቅ አውሮፓ አይሁዶች በየቤታቸው የሚነጋገሩበት ቋንቋ አለ፤ በዚያ ቋንቋ ድሮ ከከተማ ከተማ እየዞሩ ቴአትር የሚያሳዩ ቡድኖች ነበሩ አሉ። ታሪኩ ከነሱ የአንዱ ነው። አንድ የጋብቻ ደላላ አለ። እኛ ዘንድ ሽማግሌ ይላካል፤ እነሱ ዘንድ ግን ወንድና ሴት ማገናኘትን እንጀራዬ ብሎ የያዘ ሰው አለ። አንድ ሀብታም ደግሞ ለልጁ የመጣውን ሁሉ «ዘሩ አነሰ፣ ቁመቱ አነሰ» እያለ ይመልሳል። ልጅቷ የምትወደው አንዱን ድሀ ልብስ ሰፊ ነው። ደላላው ጨንቆት አንድ ቀን «ሩቅ አገር፣ ስድስት ቀን ድንጋይ እየወረወረ ሰንበት ሲሆን የሚያርፍ ወንዝ አለ፤ ከዚያ ወንዝ ማዶ የጠፉት ወገኖቻችን ይኖራሉ፤ ከነሱ ልዑል አመጣልሃለሁ» ይለዋል። ሀብታሙ አመነ። ደላላውም ልብስ ሰፊውን ልዑል አስመስሎ፣ እንግዳ የሆኑ ሰዎችን ሰርገኛ አድርጎ ያመጣል። እንግዲህ ያ ሰርገኛ እኛ ነን። የፊልሙ አዘጋጅ፣ ማኤስትሮ ነው ሁሉም የሚለው፣ ከወንዝ ማዶ የመጣ የሚመስል ሰው ሲፈልግ የኛን መልክ ወደደ።

የተቀረጸው ካስቴልኑቮ ዲ ፖርቶ ነው፤ ከሮማ ወደ ሰሜን፣ ኮረብታ ላይ የተቀመጠች ትንሽ ከተማ። ጠዋት ቲቡርቲና በሚባለው ጣቢያ አውቶቡስ ጠበቀን። ስንደርስ የድንጋዩ ጎዳና የፖላንድ መንደር ሆኗል፤ መስኮቱ ላይ ጥጥ ለጥፈው በረዶ አድርገውታል። ለኛ ነጭ ነጭ አለበሱን። ማኤስትሮ ያለው አንድ ነገር ነው ቀኑን ሙሉ ያሯሯጠኝ፦ ከሴቶቹ መካከል አንዷን መርጦ የሙሽራዋ አጃቢ ሊያደርጋት ነው፤ ዘፈን ይኖራታል፣ ስሟም ይጻፋል፣ እንደ ተዋናይ ኮንትራቶ ትፈርማለች። ይገባሻል ይህ ምን ማለት እንደሆነ? ኮንትራቱ ካለ ፔርሜሶው ላይ ያለው ቃል ይቀየራል። ከጓዳ መውጫው በር እሱ ነበር። የሲኞራን ሳህን አጥቤ ሳልጨርስ የምሄድበት በር።

የኛ ሴቶች ተራ እንዲህ ነበር። የሙሽራው ወገን ሆነን ስጦታ ተሸክመን ቀድመን እንገባለን፣ ሙሽራዋ አጠገብ እንቀመጣለን። ከዚያ ወንዶቹ ሙሽራውን አጅበው እየዘፈኑ ይመጣሉ፤ በሩ ወለል ብሎ ይከፈታል፤ ሀብታሙ እጁን ዘርግቶ ይቀበላል። በቃ። ማኤስትሮ ለነኪዳነ «የራሳችሁን ዜማ ዝፈኑ፣ ግድ የለም፣ ድምፁ በኋላ ይስተካከላል» አላቸው። እዚህ አገር ፊልም ሲቀረጽ የሚሰማውን ድምፅ አይጠቀሙበትም፤ በኋላ ጨለማ ክፍል ገብተው እንደገና ነው የሚቀዱት። ይህን ልብ በይልኝ፣ ኋላ ይመጣል።

እኔ ውስጥ ተቀምጬ ተዘጋጅቻለሁ። የት እንደምመለከት፣ እጄን የት እንደማሳርፍ፣ ካሜራው ሲያልፍ ዓይኔ ውስጥ ምን እንደሚያይ ሁሉ አስቤያለሁ። ሙሽራዋ የምትሆነው ጣሊያን ልጅ ሻሿን ተከናንባ ታለቅሳለች። ከውጭ ካሜራው ተነሣ፣ ኪዳነ ጀመረ፣ ወንዶቹ ተቀበሉ። እታለም፣ ጥር ነው እኮ። አገር ቤት ሰርግ በሰርግ የሚሆንበት ጊዜ። ያ የሰርገኛ ዜማ በድንጋዩ መንገድ እያስተጋባ ወደ በሩ ሲቀርብ የተማርኩት ቴአትር ሁሉ እንደ ጉም በነነ። ምን እንዳደረግሁ የማውቀው ካደረግሁት በኋላ ነው፤ ዘልዬ ተነሣሁ፣ የተከፈተውን በር ገፍቼ ግማሹን ዘጋሁት፣ ክንዴን መቃኑ ላይ ዘረጋሁ። ጋሼ ኃይለመለኮት ሊወስዱሽ የመጡ ቀን እንዳደረግሁት። ሚዜዎቹ ከበሩ ሊነቅሉኝ ሲታገሉ ትዝ ይልሻል? ሰርገኛ በዝማሬ ወደ ደጅ ሲመጣ፣ ከውስጥ ያለ ሰው ቁጭ ብሎ ሊያይ ይችላል? የኛ ሰው አይችልም።

ጽጌረዳ ከኔ ቀጥላ ተነሣች። ከኔ ቀጥላ፣ እታለም! እኔ ከበሩ ሳንቃ ጀርባ ነኝ፤ እሷ ክፍት በቀረው በኩል ቆመች፤ ሌሎቹ ሴቶች ከኋላችን ተገጠገጡ። ከውጭ ፊት ለፊት ያለው ደላላው ነው። እሱን የሚጫወተው ሲኞር ዛልማን የሚባል ሽማግሌ ተዋናይ ነው፤ ይህንኑ ቴአትር በወጣትነቱ በራሱ በዪዲሽ የተጫወተ። ገፋ፣ እኛ ገፋን። ሙሽራው ባርኔጣው ወደቀ። ኪዳነ ደግሞ ፊልም መሆኑን ረስቶ «አንቺ ልጅ፣ ልቀቂ! ከሩቅ አገር ነው የመጣነው!» ይለኛል። ያን ጊዜ ነው ከሳንቃው ጀርባ ሆኜ ግጥሙን የሰጠሁት፦

ወንዝ ተሻገርኩ ይላል ጫማው ደርቆ ሳለ፤
በየቱ ድልድይ ነው መጣሁኝ እያለ?

ጽጌረዳ ተቀበለች። መቀበል እንደሆነ ታውቂበታለሽ፤ ሰጪ ዝቅ አድርጎ ይሰጣል፣ ተቀባይ ከፍ አድርጎ ለሕዝብ ያወጣዋል። እሷ ደግሞ ተቀብላ ዝም አላለችም፤ ጣቷን ወደ ሙሽራው ጫማ ቀሰረች፣ አንገቷን ሰበቀች፣ ያን ጥርሷን ፍልቅ አደረገችው። ሴቶቹ እልል አሉ። የቀረጻው ሠራተኛ ሁሉ ቆሞ ያያል፤ ማኤስትሮ «አቁሙ» አላለም። ካሜራው ወደ እሷ ተጠጋ፣ ተጠጋ፣ ተጠጋ። እኔ ከሳንቃው ጀርባ የማየው የካሜራውን መንኮራኩር ብቻ ነው።

ሲያልቅ ማኤስትሮ እየሮጠ መጣ። መጀመሪያ የተቆጣ መስሎን ነበር። «እናንተ የሙሽራው ወገን ናችሁ! የራሳችሁን ሙሽራ ነው የምትከለክሉት?» ብሎ ጠየቀ። እኔ ከጀርባ ብቅ ብዬ በጣሊያንኛዬ አስረዳሁት፤ ከማን ጋር መጣሽ አይባልም፣ በር ውስጥ ያለ ሁሉ የሙሽሪት ወገን ነው አልኩት። የግጥሙን ትርጉም ሲሰማ ወንበር ፈልጎ ተቀመጠ፤ በሳቅ። ለካ ታሪኩ ውስጥ የደላላውን ውሸት መጀመሪያ የሚጠረጥር ሰው የት ላይ እንደሚያስገባ ጠፍቶት ኖሯል። አሁን ሰርገኞቹ ራሳቸው ጫማው ደረቅ ነው ብለው ሙሽራውን አጋለጡት! ሲኞር ዛልማን ደግሞ ዓይኑን እየጠረገ፣ ድሮ ይህን ሲጫወት ተመልካቹ ዝም ብሎ አያይም ነበር፣ ከወንበሩ ተነሥቶ ለሀብታሙ «ይዋሽሃል! አትመነው!» እያለ ይጮህ ነበር አለን። ያ ሕዝብ በጦርነቱ ጊዜ አለቀ። «ከዚያ ወዲህ ከፊት ለፊቴ የመለሰልኝ ሰው አልነበረም። ዛሬ መለሳችሁልኝ» አለ። ሁላችንም አንገታችንን ደፋን። ከዚያ ሽማግሌው ተነሣና ግንባር ሳመ። የማንን? የጽጌረዳን።

ማኤስትሮም ጣቱን ቀሰረ፤ «እሷ፤ ባለ ጥርሷ» አለ። አለቀ።

ከረዳቶቹ አንዱን ይዤ ግጥሙን እኮ እኔ ነኝ ያወጣሁት አልኩት። «ቫ ቤኔ፣ ቫ ቤኔ፣ ብራቫ»፣ እሺ እሺ፣ ጎበዝ ብሎ ትከሻዬን መታ መታ አድርጎ በመብራቱ ሽቦ እንዳልደናቀፍ ወደ ዳር አስወጣኝ። ሌላ ምን ልበል? ግጥም ሰጪ ስሙ ሲጠየቅ የት ታውቂያለሽ? አውቶቡሱ ውስጥ ኪዳነ አላስቀምጥ አለን። «አሎራ፣ ሴቶች፣ ከማን ወገን ናችሁ? ልዑላችንን እኮ ጥጥ በረዶ ላይ አሳደራችሁት! ጽጌረዳስ ተሾመች፤ አንቺ መዓዛ የበር ዘበኛ ሆነሽ ቀረሽ!» አለ። ሁሉም ሳቀ። እኔም ሳቅሁ፤ ሳቄን ብታዪው ቴአትር በደንብ እንደተማርኩ ትመሰክሪልኝ ነበር። ጽጌረዳ ደግሞ አጠገቤ ተቀምጣ እጄን ይዛ «አንቺ ባትሰጪኝ ምን እቀበል ነበር?» አለችኝ። ክፉ ብትሆን ይቀለኝ ነበር፣ እታለም። ደግ ሰው ላይ መቅናት እንዴት እንደሚያደክም አልነግርሽም።

ከዚያ ወዲህ ያለውን የልቤን ነገር አትጠይቂኝ። እሷ ለሌላ ቀረጻ እየተጠራች ስትሄድ እኔ የሲኞራን ሸሚዝ እተኩሳለሁ። ሲኞራ «ማኣዛ፣ ዛሬ ሳህኖቹ ምን በደሉሽ?» ትለኛለች። ፒያሳ ቪቶሪዮ ገበያ ቅመም ልገዛ ስሄድ ነጋዴው «ያቺ ጓደኛሽ፣ ፊልም የምትሠራዋ፣ እንዴት ናት?» ይለኛል፤ ኮረሪማውን ሳልገዛ እመለሳለሁ። ስጸልይ ሁላችሁንም በየስማችሁ እጠራለሁ፤ የሷ ስም ላይ ስደርስ ዘልዬ አልፈዋለሁ። መስተዋት ፊት ቆሜ ጥርሴን አየሁ። ምን ጎደለው? አንቺ ንገሪኝ፣ ምን ጎደለው?

አሁን ያን ልብ በይ ያልኩሽን ድምፅ አስታውሺ። ግንቦት ላይ ጽጌረዳን ዘፈኑን እንድትቀዳ ጨለማው ክፍል ጠሯት። ዶፒያጆ ይሉታል። የራሷ ምስል ግድግዳው ላይ አፉን ይከፍታል፤ እሷ ማይክሮፎን ፊት ቆማ ከከንፈሩ እኩል መዝፈን አለባት። አቃታት። አንድ ጊዜ ትቀድማለች፣ አንድ ጊዜ ትዘገያለች፤ ዜማው ደግሞ ያዳልጣታል። ሐሙስ ዕለት ዓይኗ አብጦ እኔ ዘንድ መጣች። «መዓዛ፣ የሚሰጠኝ ሰው በሌለበት እንዴት ልቀበል? ነገ መጥተሽ ከኋላዬ ሁኝና ስጪኝ። እምቢ ካልሽኝ አንዲት ጣሊያን ዘፋኝ ሊያመጡ ነው፤ አማርኛውን በላቲን ፊደል ጽፈው ሊያስጠኗት ነው» አለች።

እውነቱን ልንገርሽ? መጀመሪያ ደስ አለኝ። ሆዴ ውስጥ አንድ ነገር እስክስታ መታ። አቃታት! ከዚያ ያቺን ጣሊያን አሰብኳት። የኔን ግጥም፣ ከኔ በር ጀርባ የወጣውን፣ «ዎንዝ ቴሻጌርኩ» እያለች! ከጽጌረዳ ይልቅ በማላውቃት ሴት የበለጠ ቀናሁ። ሲኞራን ፈቃድ ጠይቄ ሄድኩ። ለጽጌረዳ ስል ነው ብዬ ብጽፍልሽ ታምኚኛለሽ፤ ግን አይደለም።

ክፍሉ ውስጥ ማኤስትሮ፣ ሲኞር ዛልማንና መቅጃውን የምታዘው ሴትዮ አሉ። እኔ ከጽጌረዳ ጀርባ ቆሜ ዝቅ አድርጌ ሰጠሁ፤ እሷ ተቀበለች። ገና አንድ ጊዜ እንዳልን ሽማግሌው እጁን አነሣ። «አቁሙ። ያን ቀን አፍንጫዬ በሩ ላይ ተደፍጥጦ ነበር፤ ከሳንቃው ማዶ ወደ ጆሮዬ የገባውን ድምፅ አውቀዋለሁ። ፊት ስላየሁ የፊቱ መስሎኝ ግንባር ሳምኩ። በር ላይ ያስቀረችኝ ግን ከኋላ ያለችው ናት» አለ። ማኤስትሮ ዞሮ አየኝ። በሕይወቴ ለመጀመሪያ ጊዜ ጽጌረዳ እያለች ዞሮ ያየኝ ሰው እሱ ነው። «አንቺ ብቻሽን ዝፈኚ» አለኝ። ዘፈንኩ። ግድግዳው ላይ የጽጌረዳ አፍ ተከፈተ፤ የወጣው ግን የኔ ድምፅ ነው። ከንፈሯ እንዴት እንደሚንቀሳቀስ በልቤ ነው የማውቀው፤ ጥላ ይዤ ሦስት ሰዓት የቆምኩት ለከንቱ አልነበረም።

ስሜስ ይጻፋል? አልኩ። አይጻፍም አሉኝ። ድምፁን ብቻ ላዋሰ ሰው ስም መጻፍ ልማዳቸው አይደለም፤ የሚጻፈው ፊቱ የታየው ሰው ነው። ጽጌረዳ ጥግ ላይ ተቀምጣ ታየኛለች። ያን አስተያየት አወቅሁት፤ መስተዋት ፊት ስቆም የማየው ነው። ቀናችብኝ፣ እታለም! «ፊቴ ያንቺን ጉሮሮ ለብሶ ሊዞር ነው» አለችኝ በአማርኛ። ያን ሁሉ ወር የጠበቅሁት ነበር፤ ሲመጣ ግን እንዳሰብኩት አልጣፈጠኝም። አጠገቧ ሄጄ ተቀመጥኩ።

ከዚያ ሴትዮዋ ምስሉ ከዘፈኑ እንደሚረዝም አይታ አንድ ስንኝ ጨምሪ አለችኝ። ምንም አላሰብኩም። አፌን ከፈትኩ፦

ጥርሷን አይታችሁ የሳቃችሁላት፣
ከበሩ ጀርባ ላይ የቆመችው ማን ናት?

አንዴ ብቻ ዘፈንኩት፤ ተቀዳ። ማኤስትሮ ዜማው ምን ያህል እንደገጠመ እያደነቀ ትርጉሙን ጠየቀ። የጠየቀው ግን ከኔ ይልቅ ቅርቡ የነበረችውን ጽጌረዳን ነው። እውነቱን ብትነግረው ይሰርዘዋል። ጽጌረዳ እኔን አየችኝ፣ ግድግዳው ላይ የቆመውን ፊቷን አየች፣ ከዚያ «ስለ ሙሽራዋ ነው፤ ቆንጆዋ ሙሽራ ከበሩ ጀርባ ናት ይላል» አለችው። «ቤሊሲማ፣ እጅግ ቆንጆ» አለ። ስንኙም ሳይሰረዝ ቀረ። ለኔ አስባ ይሁን፣ በገዛ ፊቷ ላይ የተዘፈነውን ሰው እንዳይሰማባት አስባ፣ እስከዛሬ አላውቅም። አልጠየቅኋትም። እሷም አልነገረችኝም።

ስወጣ የመቅጃዋ ሴትዮ መስከረም ላይ ለሌላ ሥራ ድምፄን ልትፈትነው እንድመለስ ነገረችኝ። ኮንትራቶ አላለችም፤ ፈተና ነው ያለችው። እኔ ግን ከአሁኑ መስከረም ጠብቶልኛል፤ ጓዳ ውስጥ የሲኞራን ሬዲዮ ተናጋሪዎች በየተራ እመስላለሁ። ሲኞራ ሁለት ሬዲዮ ያለ መስሏት አንዱን ልታጠፋ ስትዞር ነበር። ፔርሜሶዬ ላይ ያለው ቃል አሁንም ያው ነው። ቅናቴም ያው ነው፤ እንዲያውም ሁለት ሆኗል። ፖስተሩ ላይ የጽጌረዳ ፊት ሲወጣ እቀናለሁ፤ ሰዎች «እንዴት ያለ ድምፅ ነው ያላት» ሲሏት ደግሞ በራሴ ድምፅ እቀናለሁ።

እንግዲህ እታለም፣ ወረቀቱ አለቀ። እማዬን ጉልበታቸውን ሳሚልኝ፤ ያን «ቤቱ ይበራል» ያሉትን ነገር ይቅር ብያቸዋለሁ በያቸው፣ ግን አልረሳሁም። ጋሼ ኃይለመለኮትን እጅ ነሥቻለሁ፤ በሩን ያን ጊዜ የለቀቅሁላቸው ከረሜላ ስለሰጡኝ እንጂ አሸንፈውኝ እንዳልሆነ አስታውሺያቸው። ዓባይነህን ደረቴ ላይ አስጠግቼ ስሜዋለሁ፤ ደህና ቦታ ያቆይልኝ። ሣባን በበቀለው ጥርሷ ላይ ሳሚያት፤ በጥርስ ብቻ እንዳትተማመን ከአሁኑ ንገሪያት። ጎረቤታችንን እትዬ ኣስገደትን፣ የግቢውን ሰው ሁሉ፣ በየስማቸው ሰላም በይልኝ።

የጽጌረዳ እናት ደግሞ ሰሞኑን እናንተ ዘንድ መምጣታቸው አይቀርም። ልጃቸው ከፊልሙ የተነሣውን ፎቶግራፍ በዚችው ልጅ እጅ ልካላቸዋለች፤ ዕድር ለዕድር እንደሚያዞሩት አውቃለሁ። ሲያሳዩሽ «እሰይ፣ እንኳን ደስ ያለዎት» በያቸው፤ ከልብሽ በይው፣ ለእናት ነው። ከዚያ ፎቶውን ትንሽ ያዝ አድርጊና ከጽጌረዳ በስተግራ፣ ሳንቃው ካለቀበት ተመልከቺ። ነጭ እጅጌ ወደ ላይ ተሰብስቦ፣ መቃኑ ላይ የተዘረጋ አንድ ክንድ አለ። ከክርኑ በታች የከሰል ካውያሽ የነካኝ ጠባሳ ይታያል። እሳቸው በር ነው የሚያዩት። አንቺ ምንም አትበያቸው፤ በጣትሽ ብቻ ዳሰስ አድርጊልኝ።

እኅትሽ መዓዛ
ሮማ፣ ሰኔ ፲፬ ቀን ፲፱፻፸፱ ዓ.ም.